የሐዋርያትንና የሰማዕታትን ታሪክ ለወጣቶች ለማስተማር እንዴት እንዘጋጅ?

የሰኔ ጾም ሲገባ ስልኬ ሥራ ይበዛበታል። የሚደውሉልኝ ወጣት የሰንበት ትምህርት ቤት መምህራን ናቸው። «እትዬ፣ ሐምሌ 5 ስለ ጴጥሮስና ጳውሎስ አስተምሪ ተብያለሁ፤ ከየት ልጀምር?» ይሉኛል። በስልክ የምነግራቸውን እዚህ በጽሑፍ ላስቀምጠው። ዓመተ ምሕረቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ አሟሟቱን ለጊዜው ተዉት። አብዛኛው መምህር በሰይፉና በመስቀሉ ይጀምራል። ልጆቹም ደሙን ብቻ ይዘው ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። ማን እንደነበረ የማያውቁት ሰው ቢሞት ምን ይነካቸዋል? ስለዚህ ከትምህርቱ ሰዓት ትልቁን ድርሻ ለሕይወቱ ስጡት።

ለልምምድ በያዕቆብ ወልደ ዘብዴዎስ ጀምሩ። ከአሥራ ሁለቱ መካከል በሰማዕትነት መሞቱ በአዲስ ኪዳን የተጻፈለት እሱ ብቻ ነው። የተጻፈውም አንድ መስመር ነው። «የዮሐንስንም ወንድም ያዕቆብን በሰይፍ ገደለው» (የሐዋርያት ሥራ 12፥2)። ገዳዩ ቀዳማዊ ሄሮድስ አግሪጳ ነው፤ የቤተ ልሔምን ሕፃናት ያስፈጀው የሄሮድስ የልጅ ልጅ። ይሁዳን የገዛው ከ41 እስከ 44 ስለሆነ የያዕቆብ ሞት በእነዚህ ዓመታት ውስጥ ይወድቃል።

አሁን ወደ ኋላ ተመለሱና ወንጌሉን ግለጡ። ያዕቆብ ዓሣ አጥማጅ ነው። አባቱ ዘብዴዎስ ታንኳና ቅጥር ሠራተኞች ነበሩት (ማርቆስ 1፥20)፤ ስለዚህ የተወው የሚበላው ያጣ ሰው ቤት አልነበረም። ጌታ እሱንና ወንድሙን «የነጐድጓድ ልጆች» አላቸው። ለምን እንደሆነ ሉቃስ 9ን ስታነቡ ይገባችኋል። አንድ የሳምራውያን መንደር አልቀበልም ሲላቸው ሁለቱ ወንድማማቾች እሳት ከሰማይ አውርደን እናጥፋቸው ወይ ብለው ጠየቁ። ጌታም ገሠጻቸው። በሌላ ቀን ደግሞ በመንግሥትህ በቀኝና በግራህ እንቀመጥ የሚል ልመና ቀረበ። ጌታ እኔ የምጠጣውን ጽዋ ልትጠጡ ትችላላችሁ ወይ ሲላቸው «እንችላለን» አሉ።

እዚህ ላይ ቆም በሉ። ሰዎች እንዲቃጠሉለት የጠየቀው፣ ወንበር የፈለገው፣ በጌቴሴማኒ ጌታው ሲጨነቅ የተኛው ያው ያዕቆብ ነው። ከዚህ በኋላ ያቺን አንድ መስመር አንብቡላቸው። ክፍሉ ጸጥ ይላል። ያን ጊዜ «እንችላለን» ማለት ምን እንደነበረ ማንም ሳያብራራላቸው ይገባቸዋል።

አንድ ጥያቄ ግን እንደሚመጣ እወቁ፤ ሳይመጣ ቀርቶ አያውቅም። በዚያው ምዕራፍ ጴጥሮስን መልአክ ከእስር ቤት ያወጣዋል። «ለያዕቆብ መልአኩ ለምን አልመጣም?» ይላሉ። ምክንያት ፈጥራችሁ አትመልሱ። ጸሐፊው ሉቃስ ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀመጠ፤ ለምን እንደሆነ ግን አልነገረንም። ይህንኑ ንገሯቸው። ልጆች የተሸፋፈነ መልስ ሲሰጣቸው ወዲያው ያውቃሉ።

ቀጥሎ ደብተራችሁን ሦስት ቦታ ክፈሉት። በመጀመሪያው ዓምድ ቅዱስ መጽሐፍ የሚለውን ጻፉ። በሁለተኛው ለዘመኑ የቀረቡ ሰዎች የጻፉትን። በሦስተኛው ቆይቶ የተጻፈውንና በትውፊት የደረሰንን። ሦስተኛውን ዓምድ የማስቀምጠው ላዋርደው አይደለም። ስንክሳሩና ገድለ ሐዋርያት ያሳደጉኝ መጻሕፍት ናቸው፤ እኔም እያነበብኩ አለቅሳለሁ። ነገር ግን ዛሬ ልጁ ከክፍል ሳይወጣ ጎግል ያደርጋል። ሦስቱን ቀላቅላችሁ ከሰጣችሁት አንዱ ሲነካበት ሁሉም ይናድበታል። ከየት እንደመጣ አውቆ የያዘው ልጅ ግን አይደናገጥም።

በጴጥሮስና በጳውሎስ እንሞክረው። አንደኛው ዓምድ ላይ ዮሐንስ 21 አለ። ጌታ ጴጥሮስን ስትሸመግል እጆችህን ትዘረጋለህ፣ ሌላውም ወደማትወደው ይወስድሃል ይለዋል። ወንጌላዊው በምን ዓይነት ሞት እግዚአብሔርን እንደሚያከብር ለማመልከት ይህን ተናገረ ብሎ ያክልበታል። ስለ ጳውሎስ የሐዋርያት ሥራ የሚያበቃው ሮም ውስጥ በተከራየው ቤት ሁለት ዓመት እንደተቀመጠ ነግሮን ነው። ከዚያ «መልካሙን ገድል ተጋድዬአለሁ፥ ሩጫውን ጨርሼአለሁ» የሚለው የ2ኛ ጢሞቴዎስ ቃል አለ። የሁለቱም ሞት ራሱ በመጽሐፍ አልተተረከም።

ሁለተኛው ዓምድ ላይ የሮሙ ኤጲስ ቆጶስ ቀሌምንጦስ ይገባል። በመጀመሪያው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ ለቆሮንቶስ በተላከው መልእክት ጴጥሮስና ጳውሎስ በቅናት ምክንያት መከራ እንደተቀበሉ ይነበባል። ታሲተስ የሚባለው የሮም ታሪክ ጸሐፊም አለ፤ ክርስቲያን አይደለም፣ ክርስቲያኖችንም አይወድም። በ64 ሮም ስትቃጠል ንጉሠ ነገሥቱ ኔሮን ጥፋቱን በክርስቲያኖች ላይ እንዳላከከ፣ በአውሬ ቆዳ እየጠቀለለ ለውሾች እንደሰጣቸው፣ እንደሰቀላቸው፣ ሌሊት እንደ መብራት እንዳቃጠላቸው ጽፏል። የጴጥሮስን ስም አይጠቅስም። በ200 አካባቢ ደግሞ ጋይዮስ የተባለ የሮም ክርስቲያን የሐዋርያቱን መታሰቢያ በቫቲካንና ወደ ኦስትያ በሚወስደው መንገድ ላሳይህ እችላለሁ ብሎ ጽፏል። ዛሬም ሁለቱ ታላላቅ አብያተ ክርስቲያናት የቆሙት እዚያው ነው።

ጴጥሮስ ቁልቁል ተሰቀለ የሚለው፣ በሥዕሎቻችን ላይ የምናየው፣ ሦስተኛው ዓምድ ላይ ይገባል። በሁለተኛው ክፍለ ዘመን በተጻፈው የጴጥሮስ ሥራ በሚባለው መጽሐፍ አለ፤ የሦስተኛው ክፍለ ዘመን የቤተ ክርስቲያን መምህር ኦሪጀንም ይጠቅሰዋል። ጥንታዊ ትውፊት ነው። ጳውሎስ አንገቱን ተቀላ የሚለው በ200 አካባቢ የካርቴጁ ክርስቲያን ጸሐፊ ተርቱሊያን ዘንድ ይታወቃል። የሮም ዜጋ እንደነበረም አስታውሷቸው፤ ዜጋን መስቀል የሮም ልማድ አልነበረም።

ስሞች ላይ ተጠንቀቁ። በቴሌግራም የሚዞረው «የ12ቱ ሐዋርያት አሟሟት» የሚል ዝርዝር ብዙውን ጊዜ ሰዎችን ይቀላቅላል። የጌታ ወንድም የተባለው ያዕቆብ፣ የኢየሩሳሌም ኤጲስ ቆጶስ፣ ከዘብዴዎስ ልጅ ይለያል። እሱ በ62 በድንጋይ እንደተወገረ አይሁዳዊው ታሪክ ጸሐፊ ዮሴፈስ ጽፏል። ማቴዎስና ማትያስም ሁለት ሰዎች ናቸው። እኛ አገር በጣም የሚሳተው ደግሞ ፊልጶስ ነው። ጃንደረባውን ያጠመቀው ፊልጶስ ሐዋርያው ሳይሆን ከሰባቱ ዲያቆናት አንዱ ነው። የሐዋርያት ሥራ 8፥1ን አንብቡ፤ በስደቱ ጊዜ ሐዋርያት ከኢየሩሳሌም እንዳልወጡ ይናገራል። ልጆቹ ይህን ራሳቸው ፈልገው እንዲያገኙት አድርጉ፤ ደስ ይላቸዋል።

ሁሉም በሰይፍ አላለፈም። ዮሐንስ እስከ ሮማዊው ንጉሠ ነገሥት ትራያኖስ ዘመን በኤፌሶን እንደኖረ የሁለተኛው ክፍለ ዘመን ኤጲስ ቆጶስ ሄሬኔዎስ ይመሰክራል። ትራያኖስ የነገሠው በ98 ነው። ሄሬኔዎስ ይህን ከየት ሰማ? ልጅ ሳለ የሰምርኔሱን ኤጲስ ቆጶስ ፖሊካርፐስን ሲያስተምር ሰምቶታል፤ ፖሊካርፐስ ደግሞ ዮሐንስን አይቷል። ሦስቱን ስሞች ሰሌዳው ላይ በቀስት አያይዟቸው። ለዘመኑ ቅርብ የሆነ ምስክር ማለት ይህ ነው።

ፖሊካርፐስን አንድ ሙሉ ክፍለ ጊዜ ስጡት። ከሐዋርያት በኋላ ካሉት ሰማዕታት ሁሉ እኔ አስቀድሜ የማስተምረው እሱን ነው፤ የገዛ ምእመናኑ የሆኑት የሰምርኔስ ክርስቲያኖች አሟሟቱን በደብዳቤ ጽፈውልናልና። ሰምርኔስ የዛሬዋ የቱርክ ከተማ ኢዝሚር ናት፤ በካርታ አሳዩ። ጊዜው 155 አካባቢ ነው።

ወታደሮች በምሽት መሣሪያ ይዘው ወደ ተደበቀበት የገጠር ቤት መጡ። ማምለጥ ይችል ነበር፤ አላመለጠም። የሚበላና የሚጠጣ አቅርቡላቸው አለ። ከዚያ ለጸሎት አንድ ሰዓት ለመነ፤ ቆሞ ሁለት ሰዓት ጸለየ። ሊይዙት የመጡት አንዳንዶቹ እንዲህ ያለ ሽማግሌ ለመያዝ በመምጣታቸው ተጸጸቱ። በአህያ ወደ ከተማ ወሰዱት። መንገድ ላይ የጸጥታው አለቃ ሰረገላው ላይ አውጥቶ «ቄሣር ጌታ ነው ብትል ምን አለበት?» እያለ ለመነው። እምቢ ሲል ገፍቶ አወረደው፤ ቅልጥሙ ተላጠ። እንዲህ ያለችውን ትንሽ ነገር አትዝለሏት። ልጆች ሰውየውን የሚያዩት በእሷ ነው።

አደባባዩ ላይ አገረ ገዢው ክርስቶስን ስደብና ልልቀቅህ አለው። ፖሊካርፐስም 86 ዓመት አገለገልኩት፣ አንድም ቀን አልበደለኝም፣ ያዳነኝን ንጉሤን እንዴት እሰድባለሁ ብሎ መለሰ። በእሳቱ መካከል በጩቤ ወጉት።

ያው ደብዳቤ ስለ ቁንጦስም ይናገራል። ይህ ሰው ራሱን አሳልፎ ሊሰጥ ወደ ፊት ወጣ፤ ሌሎችንም ገፋፋ። አውሬዎቹን ሲያይ ግን ፈራና ለጣዖት ሠዋ። ጸሐፊዎቹ ራሳቸውን አሳልፈው የሚሰጡትን አናመሰግንም፣ ወንጌል እንዲህ አያስተምርም ይላሉ። ይህን ክፍል ለወጣቶች ሳታነቡ አትለፉ፤ አደራ። ስሜታዊ ዕድሜ ላይ ናቸው። ሞትን መፈለግና በእምነት መጽናት የተለያዩ መሆናቸውን ከራሳቸው ከጥንቶቹ ክርስቲያኖች አፍ ይስሙት።

ሴት ልጆቹ «ወንዶች ብቻ ናቸው ወይ?» ይሏችኋል፤ ልክ ናቸው። በ203 በካርቴጅ፣ በዛሬዋ ቱኒዝያ፣ የተገደለችውን ፐርፔቱዋን አስተምሩ። ዕድሜዋ 22 አካባቢ ነው፤ የምታጠባው ልጅ አላት። እስር ቤት ሆና የራሷን ማስታወሻ ጻፈች፤ እስከ ዛሬም አለ። አባቷ ካጂ ብሎ ሲለምናት አንድ ዕቃ አሳየችውና ይህ ማሰሮ ከማሰሮነቱ በቀር በሌላ ስም ሊጠራ ይችላል ወይ አለችው። አይችልም አላት። እኔም ከሆንኩት ሌላ ነኝ ማለት አልችልም፤ ክርስቲያን ነኝ አለችው። እኔ ይህን ስተርክ ማሰሮ ይዤ እገባለሁ። አብራት የታሰረችው ባሪያ የነበረችው ፌሊሲታስ በስምንት ወሯ እዚያው ወለደች፤ ሕፃኗን አንዲት ክርስቲያን እንደ ልጇ አሳደገቻት። የአባትየውን ለቅሶም አሳንሳችሁ አትንገሩ። ፐርፔቱዋ ራሷ ስለ ሽምግልናው እንዳዘነች ጽፋለች።

ስለ ስቃዩ አነጋገር፦ ከ12 ዓመት በታች ላሉት «በሰይፍ ተገደለ» በቂ ነው። የበርተሎሜዎስን ቆዳ መገፈፍ ለትንንሾች አትዘርዝሩ፤ ሌሊት ይባንናሉ፣ እናቶችም ይቆጧችኋል፣ እውነታቸውን ነው። ለትልልቆቹም ቢሆን ምንጩ ካለው በላይ ደም አትጨምሩ። የሰምርኔስ ሰዎች የጻፉት በእርጋታ ነው፤ እናንተም ድምፃችሁን ዝቅ አድርጉ።

ለሐምሌ 5 የምትዘጋጁ ከሆነ በዚህ ቅደም ተከተል አንብቡ፦ ዮሐንስ 21፣ የሐዋርያት ሥራ 28፣ 2ኛ ጢሞቴዎስ 4፣ ቀጥሎ የቀሌምንጦስን መልእክት 5ኛ ምዕራፍ፣ በመጨረሻ የዕለቱን ስንክሳር። ስንክሳሩን ከክፍሉ አንድ ልጅ ጮክ ብሎ ያንብበው፤ ቀድማችሁ አለማምዱት፣ የቦታ ስሞቹ ያስቸግራሉ። ደብተሩንም አትደብቁ። ሦስቱን ዓምዶች ለልጆቹ አሳዩአቸውና የራሳቸውን እንዲያሰምሩ ወረቀት ስጧቸው።