የኤልኢዲ ኮርኒስ መብራት ሲበላሽ፦ ምልክቱ፣ መንስኤውና ጥገናው

የኤልኢዲ ኮርኒስ መብራት ድንገት ሲጠፋ አብዛኛው ሰው ሙሉውን አውርዶ በአዲስ ይተካዋል። መብራቱ ግን እንደ ቀድሞው አምፖል ክሩ ሲበጠስ የሚያከትምለት ዕቃ አይደለም። ሽፋኑ ሲከፈት ውስጡ ሁለት ክፍሎች ይገኛሉ፤ አንደኛው ብርሃን ሰጪዎቹ ቺፖች የተደረደሩበት የአሉሚኒየም ሰሌዳ ሲሆን፣ ሁለተኛው ከመስመር የሚመጣውን ኤሲ (ተለዋዋጭ ኤሌክትሪክ) ወደ ዲሲ (ቀጥተኛ ኤሌክትሪክ) ለውጦ ወደ ቺፖቹ የሚሄደውን ከረንት የሚቆጣጠረው ድራይቨር ነው። ከእነዚህ ውጭ የሚቀረው ከማብሪያ ማጥፊያው እስከ መብራቱ ያለው ሽቦና መጋጠሚያ ነው። ብልሽቱ ከእነዚህ ከሦስቱ በአንዱ ላይ ይሆናል፤ ሌሎቹ በአብዛኛው ደህና ስለሆኑ፣ የተበላሸውን ለይቶ ያንኑ ብቻ መተካት ይቻላል። ነገር ግን የትኛው እንደተቃጠለ ማወቅ ብቻውን አይበቃም፤ ምን እንዳቃጠለው ካልታወቀ አዲሱም ክፍል ብዙም ሳይቆይ የአሮጌው ዕጣ ይደርሰዋል።

ከመክፈትዎ በፊት

መብራቱን በማብሪያ ማጥፊያው ማጥፋት አይበቃም፤ ብሬከሩን ያውርዱ። ምክንያቱም በአንዳንድ ቤቶች ማብሪያ ማጥፊያው በፌዙ (ኤሌክትሪክ በሚያመጣው ሽቦ) ፈንታ በኒውትራሉ (በመመለሻው ሽቦ) ላይ ተገጥሞ ስለሚገኝ፣ መብራቱ ጠፍቶም ሽቦው ላይ ሙሉ ኤሌክትሪክ ይኖራል። ብሬከሩ ከወረደ በኋላም ሁለቱን ሽቦዎች በቴስተር ካቻቪቴ ወይም በመልቲሜትር ይፈትሹ፤ መፈተሻው ራሱ እንደሚሠራ አስቀድመው ኤሌክትሪክ እንዳለው በሚያውቁት ሶኬት ላይ ያረጋግጡ። የተበላሸ ቴስተር «ኤሌክትሪክ የለም» ብሎ ያሳስታልና ይህን ደረጃ አይዝለሉ።

ድራይቨሩ ውስጥ ያለው ካፓሲተር (ቻርጅ የሚያከማቸው ክፍል) መስመሩ ከተቋረጠ በኋላም ቻርጅ ይዞ ሊቆይ ይችላል። ስለዚህ ጥቂት ደቂቃ ጠብቀው የድራይቨሩን መውጫ በዲሲ ይለኩና ንባቡ ወደ ዜሮ መቅረቡን ካዩ በኋላ ብቻ ይንኩ። በተጨማሪም ርካሽ ድራይቨሮች ብዙ ጊዜ መውጫቸው ከመስመሩ ያልተነጠለ በመሆኑ፣ ሰሌዳው በርቶ ሳለ ቺፖቹን በእጅ መንካት ፌዙን ከመንካት አይለይም።

መብራቱ ጭራሽ አይበራም

በመጀመሪያ በዚያው ብሬከር ሥር ያሉ ሌሎች መብራቶች መሥራታቸውን ይመልከቱ። እነሱም ከጠፉ ችግሩ የመብራቱ አይደለም። እነሱ ከበሩ ሽፋኑን ያውርዱ፣ ብሬከሩን መልሰው ማብሪያውን ያብሩና ከኮርኒሱ የሚመጡት ሁለት ሽቦዎች ድራይቨሩ መግቢያ ላይ በሚደርሱበት ቦታ በኤሲ ይለኩ። መስመሩ 220 ቮልት ከሆነ ንባቡ በዚያ አካባቢ መሆን አለበት። ምንም ከሌለ ወደ ማብሪያ ማጥፊያውና ወደ ሽቦ ማያያዣው ይመለሱ፤ ብሎኑ የላላ፣ ፕላስቲኩ የጠቆረ ወይም ልባሱ የተሰባበረ ሽቦ ይፈልጉ። የጠቆረውን ጫፍ ቆርጦ ንጹሑን መዳብ በአዲስ ማያያዣ ማሰር ያስፈልጋል፤ የተቃጠለውን ማያያዣ አጥብቆ መተው መፍትሄ አይሆንም።

መግቢያው ላይ ኤሌክትሪክ ካለ ወደ ድራይቨሩ መውጫ ይሂዱ። እዚህ ላይ በድራይቨሩ ጀርባ የተጻፈውን ማንበብ ግድ ነው። ለምሳሌ «መውጫ ዲሲ 60–84 ቮልት፣ 240 ሚሊአምፔር» የሚል ከሆነ ትርጉሙ ድራይቨሩ 240 ሚሊአምፔርን ሳይለዋውጥ እየሰጠ ቮልቴጁን ሰሌዳው በሚፈልገው መጠን ከ60 እስከ 84 ባለው ክልል ውስጥ ያስተካክላል ማለት ነው። መልቲሜትሩን በዲሲ ከፍተኛው ደረጃ ላይ አድርገው ሰሌዳው እንደተገናኘ ይለኩ። ንባቡ ዜሮ ሆኖ ሰሌዳውን ሲያላቅቁትም ዜሮ ከሆነ ድራይቨሩ ሞቷል። ንባቡ ከ84 በላይ ከሆነ ግን ድራይቨሩ ደህና ነው፤ ከረንቱ የሚሄድበት መንገድ በማጣቱ ቮልቴጁን ወደ ላይ ገፍቶታል፣ ስለዚህ ሰሌዳው ላይ አንድ ቦታ ተበጥሷል። ይህ አንድ ልኬት ድራይቨሩንና ሰሌዳውን ስለሚለይ በእኔ እምነት ከጠቅላላው ፍተሻ ሁሉ ዋነኛው እርሱ ነው፤ ብዙ ሰው ግን ሳይለካ ድራይቨር ገዝቶ ይመጣል።

አንድ ቺፕ ብቻ ሲሞት ሙሉው ሰሌዳ የሚጠፋው ቺፖቹ በተከታታይ ስለተያያዙ ነው። አንድ ተራ ነጭ ቺፕ 3 ቮልት ያህል ስለሚወስድ፣ 24 ቺፖች በአንድ ረድፍ 72 ቮልት ይሆናሉ፤ በ240 ሚሊአምፔር ሲባዛ 17 ዋት ያህል ነው። አንዱ ከተበጠሰ የቀሩት 23ቱ ደህና ሆነው ሳለ ክፍሉ ጨለማ ይሆናል። የሞተው ቺፕ ብዙ ጊዜ ራሱን ያሳውቃል፦ ቢጫው ገጽታ መሀል ላይ የመርፌ ጫፍ የምታክል ጥቁር ነጥብ ትታያለች፣ አንዳንዴም ዙሪያው ቡናማ ይሆናል። ምልክቱ ካልታየ ብሬከሩን አውርደው፣ መልቲሜትሩን ዳዮድ መፈተሻው ላይ አድርገው ቺፖቹን አንድ በአንድ ይንኩ፤ ደህነኛው በትንሹ ይበራል። ሆኖም አንዳንድ መልቲሜትሮች ለዚህ የሚበቃ ቮልት አያወጡም፤ አንዳንድ ቺፖችም ውስጣቸው ሁለት ወይም ሦስት ክሪስታል ይዘው 6 ወይም 9 ቮልት የሚፈልጉ ስለሆነ ደህና ሆነው እንኳ በዚህ መፈተሻ አይበሩም። ሁሉም ዝም ካሉ ሁሉም ሞተዋል ብለው አይደምድሙ።

ብልጭ ድርግም ይላል

በዚህ ምልክት ሥር የሚገኙት ጉዳዮች የተለያዩ ስለሆኑ አበራሩን በጥንቃቄ መመልከት ይጠይቃል። በእኩል ጊዜ ልዩነት የሚበራና የሚጠፋ ከሆነ፣ ድራይቨሩ ለመነሳት ሞክሮ በውስጡ ባለው መከላከያ ምክንያት ተመልሶ እየጠፋ ነው። መንስኤው ወይ ሰሌዳው ላይ ያለ ብልሽት ነው፣ ወይም የድራይቨሩ ካፓሲተር ደርቋል። ሲበራ ደህና ሆኖ ከተወሰኑ ደቂቃዎች በኋላ የሚጠፋ፣ ጥቂት ቆይቶ ደግሞ ራሱ የሚበራ ከሆነ በመጀመሪያ የሚጠረጠረው በቺፕ ውስጥ ያለው ቀጭን ሽቦ ነው፤ ሲሞቅ ይላቀቃል፣ ሲቀዘቅዝ ይገናኛል። እንዲህ ያለው ቺፕ ቀዝቃዛ ሳለ ሲለካ ደህና መስሎ ስለሚታይ፣ ልኬቱን መብራቱ በጠፋበት ቅጽበት ማድረግ ያስፈልጋል።

በዓይን እምብዛም ሳይታወቅ የሚያደክም መንቀጥቀጥ ሌላ ነው። የስልክዎን ካሜራ ወደ መብራቱ ሲያነጣጥሩ በስክሪኑ ላይ የሚንቀሳቀሱ ጥቁር መስመሮች ጎልተው ከታዩ፣ ብርሃኑ በሰከንድ 100 ጊዜ ከፍና ዝቅ እያለ ነው፤ ይህም በ50 ኸርዝ መስመር ላይ የሚፈጠር እጥፍ ነው። ቀድሞ ያልነበረ ከሆነና እየባሰ ከሄደ ዲሲውን የሚያለሰልሰው ካፓሲተር ተዳክሟል ማለት ነው። ጫፉ ያበጠ ወይም ከሥሩ ፈሳሽ የወጣ ካፓሲተር በዓይን ይታወቃል። ሲቀየር ማይክሮፋራዱ (የመያዝ አቅሙ) እኩል፣ የቮልቱ ጽሑፍ እኩል ወይም የሚበልጥ መሆን አለበት፤ የኔጌቲቩ መስመር የሚውልበት ጎንም እንደ ቀድሞው መሆኑን ያረጋግጡ፣ ተገላብጦ ከተገጠመ ይፈነዳልና። መብራቱ ከገዙት ቀን ጀምሮ እንዲሁ ከሆነ ግን ድራይቨሩ ከመጀመሪያውም ርካሽ ነው፤ መፍትሄውም ድራይቨሩን መቀየር ብቻ ነው።

ያለ ሥርዓት የሚብለጨለጭ፣ በተለይም በር ሲዘጋ ወይም ማብሪያው ሲነካ የሚባባስ ከሆነ የላላ ሽቦ ይፈልጉ። ከመብራቱ ጋር የብርሃን መቀነሻ ዲመር ካለ ደግሞ ለኤልኢዲ የተሠራ መሆኑን ያጣሩ።

ጠፍቶም ፈዘዝ ብሎ ይበራል

ካጠፉት በኋላ ለጥቂት ሰከንዶች ብቻ የሚቆይ ብርሃን ከካፓሲተሩ ቀሪ ቻርጅና ከቺፑ ቢጫ ሽፋን የሚመጣ ስለሆነ ጉዳት የለውም። ሌሊቱን ሙሉ የሚቆይ ከሆነ ግን ትንሽ ከረንት በሆነ መንገድ እየገባ ነው። መንገዶቹም ሦስት ናቸው፦ በማብሪያው ላይ ያለች ትንሽ አመልካች መብራት፣ ኒውትራሉን የሚያቋርጥ ማብሪያ፣ ወይም ጎን ለጎን ረጅም ርቀት የተጓዙ ሽቦዎች። አመልካቿን ማንሳት ቀላል ነው። ሁለተኛው ግን የደህንነት ጉድለት ስለሆነ፣ የመብራቱ መፍዘዝ ባያሳስብዎም እንኳ ፌዙን ወደ ማብሪያው የሚያዛውር ኤሌክትሪሺያን መጥራት ይገባል። ለሦስተኛው በመብራቱ መግቢያ ላይ ለዚሁ የተሠራ፣ በቀጥታ መስመር ላይ እንዲገጠም የተፈቀደ አነስተኛ ካፓሲተር ከፌዝ ወደ ኒውትራል ይገጠማል።

ግማሹ ብቻ ይበራል፣ ወይም ብርሃኑ ቀንሷል

ሰሌዳው ከአንድ በላይ ረድፍ ካለው አንዱ ሲበጠስ ሌላው መብራቱን ይቀጥላል። ይህን አይቶ «ገና ይሠራል» ብሎ መተው ስህተት ነው፤ ድራይቨሩ 240 ሚሊአምፔሩን አይቀንስምና ለሁለት ይከፈል የነበረው ከረንት ሁሉ በቀረው ረድፍ ብቻ ያልፋል፣ እርሱም በፍጥነት ይከተላል። ቺፖቹ ሁለት ሁለት ሆነው በተጣመሩበት ሰሌዳም አንዱ ሲሞት ጓደኛው እጥፍ ይሸከማል። ሁሉም እኩል ከፈዘዙና ቺፖቹ ከጠቆሩ ግን ሰሌዳው አርጅቷል፤ ሙሉውን መቀየር ይሻላል።

ብሬከሩን ይጥላል፣ ወይም ይጮኻል

መብራቱን ባበሩ ቁጥር ብሬከሩ ከወደቀ ደጋግመው አይሞክሩ። ድራይቨሩን ከመስመሩ አላቅቀው ብሬከሩን ይመልሱ፤ ከቆመ ድራይቨሩ ውስጡ ሾርት ሆኗል፣ አሁንም ከወደቀ ደግሞ ኮርኒሱ ውስጥ የተቆነጠጠ ወይም ልባሱ የተቀደደ ሽቦ አለ። ጩኸቱ ከድራይቨሩ ጥቅል የሚመጣ ከሆነ አደጋ የለውም፤ የመቃጠል ሽታ ከተጨመረበት ግን ወዲያውኑ ያጥፉት።

ድራይቨር ሲመረጥ

ብዙ ሰው ዋቱን ብቻ አይቶ ይገዛል፤ ስህተቱ የሚጀምረው እዚህ ነው። ቀድሞ የሚታየው ሚሊአምፔሩ ነው፤ ከአሮጌው እኩል ወይም ትንሽ ያነሰ ይሁን፣ በምንም ዓይነት አይብለጥ። ቀጥሎ የሰሌዳው ቮልት በአዲሱ ድራይቨር ክልል ውስጥ መውደቁ ይታያል፤ ከላይ ላነሳነው ባለ 72 ቮልት ሰሌዳ መውጫው 36–60 የሆነ ድራይቨር አያበራውም፣ ወይም ያብለጨልጨዋል። 12 ወይም 24 ቮልት ብቻ የሚል ድራይቨር ቋሚ ቮልቴጅ ለሚፈልጉ የኤልኢዲ ስትሪፖች የተሠራ ስለሆነ እዚህ ቦታ የለውም። ከ240 ይልቅ 200 ሚሊአምፔር የሚሰጥ ድራይቨር ቢገጥሙ ብርሃኑ በጥቂቱ ይቀንሳል፣ ዓይን ግን ብዙም ልዩነት አያይም፤ በምትኩ ቺፖቹ ቀዝቀዝ ብለው ይሠራሉ። ምርጫው በእጄ ከሆነ ሁልጊዜ የምመርጠው ይህንን ነው። ሲያያይዙ የሰሌዳውን ፖዘቲቭና ኔጌቲቭ አይቀያይሩ።

የሞተ ቺፕ ሲተካ

አሉሚኒየሙ ሙቀቱን ስለሚበላው በተራ መበየጃ ካውያ አንድ ቺፕ ማንሳት አስቸጋሪ ነው፤ ሰሌዳውን ከሥሩ ማሞቅ ያስፈልጋል። ስለዚህ ብዙዎች የሞተውን ቺፕ ሁለት ጫፎች በብየዳ ሊድ አገናኝተው ያልፉታል። ይህ በ24 ቺፕ ረድፍ ላይ ለአንድ ቺፕ ይሠራል፤ ድራይቨሩ ቮልቴጁን በ3 ዝቅ አድርጎ ያንኑ ከረንት ይሰጣልና። ሁለትና ሦስት እየተባለ ከቀጠለ ግን ሰሌዳው ከድራይቨሩ ዝቅተኛ ቮልት በታች ይወርዳል። የተለየ ድራይቨር የሌላቸው፣ ቺፖቹና መቆጣጠሪያው በአንድ ሰሌዳ ላይ ያሉ መብራቶች ላይ ደግሞ የተዘለለው ቮልት ሁሉ በመቆጣጠሪያው ላይ ወድቆ ስለሚያሞቀው ይህን አለማድረግ ይሻላል።

ቺፑንም ሆነ ሰሌዳውን ከመተካትዎ በፊት ሙቀቱ ከየት እንደመጣ ይመልከቱ። ሰሌዳው ከብረት መያዣው ጋር በሙሉ ገጹ ካልተጣበቀ፣ ብሎኑ ከላላ ወይም መሀሉ ወደ ላይ ከታጠፈ ሙቀቱ መውጫ ያጣል፤ በሙቀት አስተላላፊ ቅባት ቀብተው ብሎኖቹን እኩል ያጥብቁ። በኮርኒሱ ላይ የሙቀት መከላከያ ንጣፍ ተጭኖ ከሆነ ወደ ጎን ያርቁት። ድራይቨሩ ከቺፖቹ ጋር በአንድ ዝግ ሽፋን ውስጥ ተጨናንቆ ከሆነም ቦታ እንዲያገኝ ያድርጉ፤ የካፓሲተር ዕድሜ ሙቀቱ በ10 ዲግሪ በጨመረ ቁጥር በግምት በግማሽ ይቀንሳልና።

ሥራው ካለቀ በኋላ ሽፋኑን ሳይመልሱ መብራቱን ግማሽ ሰዓት ያህል ያብሩት። ከዚያ ብሬከሩን አውርደው ወዲያውኑ የብረት መያዣውን ጀርባ በእጅዎ ይፈትሹ፤ እጅ ለአፍታም የማያስችል ሙቀት ከሆነ የሰሌዳውን ማያያዣ ወይም የድራይቨሩን ሚሊአምፔር እንደገና ይመልከቱ፣ እጅ የሚችለው ከሆነ ሽፋኑን ገጥመው ይጨርሱ።