የሳፋ ኦናልን ሥራ ሲመዝኑ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ሳፋ ኦናል እ.ኤ.አ. በ1931 ኢስታንቡል ተወልደው በ2023 ያረፉ፣ ከአጭር ልቦለድ ወደ ሲኒማ የተሻገሩ ቱርካዊ የፊልም ደራሲ ናቸው። ስማቸው ሲነሳ ቀድሞ የሚጠቀሰው በጊነስ የድንቃ ድንቅ መዝገብ የሰፈረላቸው፣ ለፊልም የበቃ 395 ድርሰት ነው።

የመጀመሪያው ስህተት የሚወለደውም ከዚሁ ቁጥር ነው፤ ይህን ያህል የጻፈ ሰው ሳያስብ ጽፏል ብሎ መደምደም። በኢስታንቡል ቤይኦሉ ሰፈር በሚገኝ መንገድ ስም «የሺልቻም» እየተባለ የሚጠራው የቱርክ ፊልም ዓለም በ1972 ብቻ ወደ 300 የሚጠጋ ፊልም ሠርቷል። ገንዘቡ ይመጣ የነበረው እንደ አዳና፣ ኢዝሚርና ሳምሱን ካሉ ከተሞች አከፋፋዮች ሲሆን፣ እነርሱም የአካባቢያቸው ተመልካች የትኛውን ተዋናይ በምን ዓይነት ታሪክ ማየት እንደሚፈልግ ነግረው፣ ፊልሙ ሳይሠራ በፊት የክፍያ ሰነድ ይፈርሙ ነበር። ስለዚህ ደራሲው ልኩ አስቀድሞ የተወሰደለትን ልብስ እንደሚሰፋ ባለሙያ ነበር ማለት ይቻላል፤ ሊመዘን የሚገባውም በስፌቱ ነው።

ሁለተኛውና በእኔ አስተያየት ከሁሉም የከፋው ስህተት፣ ሜሎድራማ (ስሜትን አጋንኖ የሚያሳይ አስለቃሽ ታሪክ) ሁሉ አንድ ነው ማለት ነው። በ1968 ሉትፊ አካድ ያዘጋጁትን፣ ኦናል ከቱርካዊው ደራሲ ከሳይት ፋይክ አጭር ልቦለድ ተነስተው የጻፉትን «ቬሲካሊ ያሪም» የተባለ ፊልም እንመልከት። ሃሊል አትክልት ሻጭ ነው፤ ሳቢሃ ደግሞ በምሽት ክበብ የምትሠራ ሴት ናት። በተለመደው የየሺልቻም ታሪክ ፍቅረኞችን የሚያለያየው ሀብታም አባት ወይም ሐሜተኛ ተቀናቃኝ ነው። እዚህ ግን ክፉ ሰው የለም፤ በመካከላቸው የሚገባው ሳቢሃ ሳታውቀው የኖረው የሃሊል ትዳርና ልጆቹ ናቸው። ሚስቲቱን ጨካኝ አድርጎ የተመልካቹን ፍርድ ማቅለል ይቻል ነበር፤ ደራሲው ግን ያን ቀላል መንገድ አልመረጡም። ቱርካን ሾራይና ኢዜት ጉናይ የተጫወቱት ይህ ፊልም ዛሬም የሚታየው በዚህ ምክንያት ይመስለኛል።

ቃለ ተውኔቱን ከተዋናዩ አንደበት እንደወጣ አድርጎ መተቸትም ያሳስታል። በዚያ ዘመን አብዛኛው ፊልም ያለ ድምፅ ይቀረጽ ነበር፤ በቀረጻው ቦታ አንድ ሰው ከካሜራው ጀርባ ሆኖ ንግግሩን እያነበበ ያቀብላል፣ ተዋናዩም ተከትሎ ይደግመዋል፣ በመጨረሻ በስቱዲዮ ብዙ ጊዜ ሌላ ሰው ድምፁን ይሞላል። ግትር የሚመስለን ንግግር ጥፋቱ የግድ የብዕር አይደለም።

ሳንሱርን መርሳት ደግሞ አለ። በ1939 የወጣው ደንብ ድርሰቱ ገና ሳይቀረጽ፣ ፊልሙም ካለቀ በኋላ እንዲመረመር ያስገድድ ስለነበር፣ በአንድ ታሪክ ውስጥ የጎደለ ነገር ባየን ቁጥር ደራሲው አልታየውም ማለት አንችልም።

በመጨረሻ፣ እኛ የአማርኛ ተመልካቾች የምንሠራው ስህተት አለ፤ የቱርክን ድርሰት በቃና ቴሌቪዥን ባየናቸው ድራማዎች መለካት። ኦናል አንድ ታሪክ ጀምረው የሚጨርሱት በአንድ የሲኒማ ቤት ቆይታ ውስጥ ነበር። የዛሬው የቱርክ ተከታታይ ድራማ ግን በአገሩ በየሳምንቱ ሁለት ሰዓትና ከዚያም በላይ የሚዘልቅ ክፍል ይፈልጋል፤ ወደ ውጭ ሲሸጥም እየተቆራረጠ ወደ አጫጭር ክፍሎች ይቀየራል። ሁለት ፍቅረኞች ደቂቃዎች ሙሉ ዝም ብለው የሚተያዩበት ትዕይንት የተወለደው ከዚህ ረጅም የቴሌቪዥን ሰዓት ነው፤ ከየሺልቻም አይደለም።