የቆሮሶን ስንጥብ ከፍቶ ማየት

ስንጥብ ዓሣ በውሃ ውስጥ የሚተነፍስበት አካል ነው። ቆሮሶ የተባለውን ዓሣ ስንጥብ ከፍቶ ለማየት ሐዋሳ ላይ ሙሉ ዓሣ መግዛት አያስፈልግም። ዓሣ ገበያው አሞራ ገደል ጠዋት ሥጋው ተገፎ አባ ኮዳ ለሚባለው ትልቅ ወፍ ከሚጣለው መሃል አንድ የቆሮሶ ጭንቅላት ይበቃል። ስንጥቡ ደማቅ ቀይ የሆነውን ምረጡ፤ ቡናማ ወይም ግራጫ ከሆነ ውሎ አድሯል፣ በውስጡ ያሉት ቀጫጭን ክሮችም ሲነኩ ይበጣጠሳሉ። በረዶ ቤት የገባ ጭንቅላትም አይሆንም።

ሹል መቀስ፣ ነጭ ሳህን፣ ቀዝቃዛ ውሃና ማጉያ መነጽር አዘጋጁ። የስንጥቡን ክዳን በአውራ ጣት ከፍ አድርጋችሁ ከኋላ ጠርዙ ጀምሮ ወደ ዓይኑ አቅጣጫ ቁረጡ። የመቀሱ ጫፍ ወደ ውስጥ ከጠለቀ ስንጥቡ ይደማና ውሃው ቀልቶ ምንም አይታይም።

ከክዳኑ ስር በየጎኑ 4 ቅስቶች ተደርድረዋል። አንዱን ከላይና ከታች ቆርጣችሁ ሳህኑ ላይ ውሃ ውስጥ አኑሩት። በአፍ በኩል ያሉት አጫጭር ነጭ ጥርሶች ምግብን ይይዛሉ፣ ቆሻሻም ወደ ክሮቹ እንዳያልፍ ይከላከላሉ። በሌላው በኩል ቀያዮቹ ክሮች በ2 ረድፍ ይታያሉ። በእያንዳንዱ ክር ላይ እጅግ ስስ ንጣፎች አሉ፤ በማጉያ መነጽር እንደ ደቃቅ መስመር ቢታዩ ነው፣ በደንብ ለማየት ማይክሮስኮፕ ይጠይቃል። ኦክስጅን ወደ ደም የሚገባው፣ ካርቦን ዳይኦክሳይድና አሞኒያ የሚወጡት በእነዚህ ነው።

አሁን ቅስቱን ከውሃው አንሱት። ክሮቹ ወዲያው እርስ በርስ ይጣበቃሉ። መልሱት፣ ይዘረጋሉ። አየር 21 በመቶ ኦክስጅን ይዞ ሳለ ዓሣ ከውሃ ሲወጣ የሚታፈነው ለዚህ ነው፤ ንጣፎቹ ሲደራረቡ ኦክስጅን የሚገባበት ስፋት ይጠፋል።

ከሁሉ የሚደንቀው የፍሰቱ አቅጣጫ ነው። ውሃው በንጣፎቹ መካከል ከአፍ ወደ ውጭ ሲያልፍ ደሙ በተቃራኒው ይፈስሳል። በአንድ አቅጣጫ ቢፈስሱ የሁለቱ ኦክስጅን መሃል ላይ እኩል ሆኖ ዝውውሩ ይቆም ነበር። በተቃራኒው ሲሄዱ ግን ሊወጣ የተቃረበው ደም ገና ከገባው ውሃ ጋር ስለሚገናኝ እስከ መጨረሻው ይቀበላል።

ውሃውን የሚገፉት አፍና ክዳን በፈረቃ ናቸው፦ አፍ ሲከፈት ክዳኑ ይዘጋል፣ አፍ ሲዘጋ ክዳኑ ይከፈታል። በሕይወት ያለ ዓሣ በገንዳ የምታቆዩ ከሆነ ይህን ተከታተሉ። ክዳኑ ቶሎ ቶሎ ከተመታና ዓሣው አፉን ወደ ውሃው ገጽ ካወጣ ኦክስጅን አንሶታል። በባሕር ጠለል ደረጃ 1 ሊትር ውሃ በ20 ዲግሪ ወደ 9 ሚሊ ግራም፣ በ30 ዲግሪ ወደ 7.5 ሚሊ ግራም ኦክስጅን ይይዛል፤ በሐዋሳ ከፍታ ከዚያም ያንሳል። ስለዚህ ገንዳውን ከፀሐይ አርቁ፣ ዓሣውን ቀንሱ፣ አየር የሚነፋ ፓምፕ ጨምሩ።

አምባዛ የተባለውን ዓሣ ካገኛችሁ ክዳኑን አንስታችሁ ከስንጥቡ በላይ ተመልከቱ። ከ2ኛውና ከ4ኛው ቅስት የሚወጣ ቁጥቋጦ መሰል ቀይ አካል አለው፤ አየር በቀጥታ የሚተነፍስበት ነው። ቆሮሶ ቶሎ ሲሞት አምባዛ ቆዳው እስካልደረቀ ድረስ ከውሃ ውጭ ለሰዓታት የሚቆየው በዚሁ ነው።