ጊዜን የሚመልስ ብራና፦ ድርሰቱን የሚገድሉ ስህተቶች

ያለፈውን ቀን በአንድ ብራና ላይ እንደገና የጻፈ ሰው ቀኑን ይለውጠዋል እንበል። ለልብ ወለድ የሚሆን ጥሩ ሐሳብ ነው። እኔም ሞክሬው ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ እጄ ላይ ሞተ። የገደለው አስማቱ ሳይሆን ስለ ብራና ምንም አለማወቄ ነበር።

ብራናን እንደ ወረቀት ማየት

የኔው ጀግና ጠላት በሩን ሲደበድብ ከኪሱ ብራና መዘዝ አድርጎ በእስክሪብቶ ይሞነጫጭር ነበር። ብራና ላይ በእጁ የሚጽፍ ቁም ጸሐፊ ቢያነበው በሳቅ ይሞታል። የፍየሉ ቆዳ ውኃ ውስጥ ይዘፈዘፋል፤ እንጨት ላይ ተወጥሮ ስጋውም ጸጉሩም ይፋቃል፤ ሲደርቅ በልክ ይቆረጣል፤ በወስፌ ተበስቶ መስመር ይሰመርለታል። ጥቁሩ ቀለም ከጥላሸትና ከሌሎች ቅመሞች ተሠርቶ ለወራት ይብላላል። ብዕሩ መቃ ነው፣ በዶለዶመ ቁጥር ይቀረጻል።

ይህን ልፋት «አንባቢን ያሰለቻል» ብሎ መዝለል ኪሳራ ነው። አስማት የሚጥመው ሲያስከፍል ነው፤ ዋጋው ደግሞ እዚሁ ሥራው ውስጥ ተቀምጦልናል። አንድ ፍየል የሚሰጠው ጥቂት ቅጠል ብቻ ስለሆነ፣ የሚመለሱት ቀናት ቁጥር አላቸው። ቀለሙ እስኪበስል ወራት ስለሚፈጅ፣ ልጁን ዛሬ የቀበረ አባት ክረምቱን ሙሉ ማሰሮው አጠገብ ይቀመጣል። ከዚያ ክረምት ብቻ አንድ መጽሐፍ ይወጣል።

(ብራናው የመጽሐፍ ቅጠል ሳይሆን ክታብ ከሆነ ሌላ በር ይከፈታል። ጥንት ጥቅልሉ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይዘጋጅ ነበር። በሕፃንነቱ የተጻፈለት ሰው ሲያድግ ክታቡ ያጥርበታል፤ የቀረው አካሉ በየትኛው ጊዜ ውስጥ ሊኖር ነው?)

ያለ ጠባሳ መፋቅ

በብዙ ድርሰት ጀግናው አንዱን ቀን ይፍቃል፣ ቀኑም ድራሹ ይጠፋል። እውነተኛው ብራና ግን እንዲህ አይምርም። የሀገራችን ጥቁር ቀለም ቆዳው ላይ ይቀመጣል እንጂ ብዙ ጠልቆ ስለማይገባ በስለት መፋቅ ይቻላል፤ ነገር ግን ቦታው ይሻክራል፣ ይሳሳል፣ አንዳንዴም የድሮው ፊደል ጥላ ከሥር ይታያል። በጥንታዊ መጻሕፍት የቀድሞው ባለቤት ስም ተፍቆ የአዲሱ የተጻፈባቸው ገጾች ጥቂት አይደሉም።

ስለዚህ የተፋቀው ቀንም ይሻክር። እናትየው ለማን እንደሆነ ሳታውቅ በየጠዋቱ አንድ ሲኒ አብልጣ ትቅዳ። አንድ ቦታ ሦስቴ ከተፋቀ ደግሞ ይቀደድ። ሕጉን ከውጭ ታሪክ መበደርም አያስፈልግም፤ የብራና መጻሕፍት ላይ «ዘሰረቆ ወዘፈሐቆ» የሚል ውግዘት ተጽፎ ይገኛል። የሰረቀውም የፋቀውም እኩል ውጉዝ ነው። መፋቅን ከስርቆት ጎን ያቆሙ ሰዎች ግማሹን ሴራ ሠርተው አልፈዋል።

ዘመን መቁጠርን መሳት

ጊዜ ላይ የሚሠራ ድርሰት ቀን ከተሳሳተ ማን ያምነዋል? ጀግናውን ወደ ጳጉሜ 6 ቀን 2014 ዓ.ም. የላከ ጸሐፊ ወደሌለ ቀን ልኮታል። ጳጉሜ ስድስት የምትሆነው በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ነው፤ በ2015 ነበረች፣ በ2014 አልነበረችም። እርግጥ ሆን ብሎ ወደሌለ ቀን መላክ ድንቅ ወጥመድ ይሆናል። ሳያውቁ መላክ ግን ያሳፍራል። ድሮ ዓመቱ ከዓለም ፍጥረት በሚነሣው በዓመተ ዓለምም ሆነ በንጉሡ ዘመነ መንግሥት ይቆጠር እንደነበረም አትርሱ።

በርበሬ

ጀግናችሁ በአፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዘመን (1426–1460 ዓ.ም.) ቀይ ወጥ ከበላ አለቀለት። በርበሬ የአሜሪካ ምድር ተክል ነው፤ ኮሎምበስ ባሕሩን የተሻገረው በ1485 ዓ.ም. ነው፣ ንጉሡ ካረፉ ከ25 ዓመት በኋላ። ድንችም በቆሎም እንዲሁ። ከጎጆው ጀርባ ባሕር ዛፍ ካቆማችሁ ንቀሉት፤ እሱ የዳግማዊ ምኒልክ ዘመን እንግዳ ነው።

በየትኛው ቋንቋ እንደሚጻፍ አለማሰብ

ይህን ስህተት ያስተዋልኩት ድርሰቱን ከተውኩት በኋላ ነው፤ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ብራናው የተጻፈውን የሚፈጽም ከሆነ መቼ ይጀምራል? በግዕዝ ግሱ መጀመሪያ ሊመጣ ይችላል፤ «ሖረ» ብሎ እንደጻፈ አንድ ሰው መንገድ ጀምሯል፣ ማን እንደሆነ ገና ሳይታወቅ። አማርኛ ግን ሁሉንም ነገር ለመጨረሻ ያቆያል። አዎንታውም አሉታውም ያለው ዓረፍተ ነገሩን በሚዘጋው ግስ፣ በማሰሪያ አንቀጹ ላይ ነው። «አባቴ ያን ቀን ማለዳ ከቤት» ብሎ ጽፎ ቀለሙ ቢያልቅበትስ? አባቱ አልወጣም፣ አልቀረምም። ልጁ አዲስ ቀለም እስኪያበስል ድረስ አባት አንድ እግሩን ከደጃፉ ውጭ አድርጎ ቆሞ ይጠብቃል።