ጊዜን የሚፍቅ ብራና፦ ለልብ ወለድ ጸሐፊ የአሠራር መመሪያ

አንድን ቀን ከዓመቱ አውጥቶ የሚጥል ወይም ያለፈን ሰዓት የሚመልስ የጽሕፈት ዕቃ ለመፍጠር የተነሣ የልብ ወለድ ጸሐፊ፣ ታሪኩን በጎጃም ካደረገ ከሩቅ የሚያስመጣው ነገር የለም፤ ብራናው፣ ቀለሙና የዘመን አቆጣጠሩ በደጁ ናቸው። ዋናው ነገር የአስማቱ ሕግ ከዕቃው እውነተኛ ጠባይ እንዲወጣ ማድረግ ነው። ብራና በእውኑ ዓለም የማይችለውን በታሪኩ ውስጥ ቢችል አንባቢ ይታገሣል፤ ብራና ሁልጊዜ የሚያደርገውን ካላደረገ ግን፣ በተለይ የቆሎ ተማሪ የነበረ አንባቢ መጽሐፉን ከድኖ ያስቀምጠዋል።

ሥራው ከቆዳው ይጀምራል። ብራና ብዙ ጊዜ የሚዘጋጀው ከፍየል ቆዳ ነው፤ ቆዳው ውኃ ውስጥ ይዘፈዘፋል፣ በእንጨት ላይ ተወጥሮ የሥጋው ወገን በስለት ይፋቃል፣ በሸካራ ድንጋይ ይታሻል፣ ጠጉሩም ይላጫል። እንደ ጫማ ቆዳ ስለማይለፋ እርጥበት ሲያገኘው ይጨማደዳል፤ ይህም ለታሪኩ ትልቅ ሀብት ነው። ገጸ ባሕርይው በሐምሌ፣ የጮቄ ተራራ ጉም በወረደበት ሰሞን፣ ብራናውን ከማኅደሩ ቢያወጣው የተጻፈበት ቀን አብሮ ይጨማደድና ጧቱ ከማታው ጋር ይነካካ።

በቆዳው ላይ ያለ ትንሽ ቀዳዳ በሚወጠርበት ጊዜ እየሰፋ ሞላላ ይሆናል። ቁም ጸሐፊው፣ ማለትም ብራናውን በእጁ የሚጽፈው ባለሙያ፣ አንዳንዱን በክር ይሰፋዋል፤ ሌላውን እንዳለ ትቶ ቃሉን ከቀዳዳው ወዲህና ወዲያ ከፍሎ ይጽፋል። በታሪኩ ውስጥ ክፍቱ ቀዳዳ ማንም የማያስታውሰው ሰዓት፣ የተሰፋው ደግሞ አንድ ሰው ሊደብቀው የሞከረ ሰዓት ሊሆን ይችላል፤ በእኔ ግምት ከዚህ የተሻለ የምሥጢር መነሻ በቀላሉ አይገኝም።

ጥቁሩ ቀለም ከጥላሸት፣ ከተቆላ እህልና ከሙጫ ተበጥብጦ ለረጅም ጊዜ ይብላላል። ይህ ቀለም በብራናው ገጽ ላይ ይተኛል እንጂ ጠልቆ አይሰርግም፤ ስለዚህም የተሳሳተ ጸሐፊ ፊደሉን በስለት ፍቆ በላዩ ይጽፋል። የአስማቱ ልብ እዚህ ላይ ነው፦ የአንድ ቀን ሁኔታ በብራናው ላይ ይጻፋል፣ ሲፋቅ ቀኑ እንዳልነበረ ይሆናል፣ በላዩ ሌላ ሲጻፍ ሌላ ቀን ይተካል። ነገር ግን በተፋቀ ቁጥር ቆዳው ይሳሳል፣ በመጨረሻም ይበሳል፤ አንድ ሥፍራ ስንት ጊዜ ሊፋቅ እንደሚችል ደራሲው ከመጀመሪያው ወስኖ እስከ መጨረሻው ይጠብቀው። ለብርሃን ከፍ አድርጎ ላየው ደግሞ የቀድሞው ፊደል ጥላ ሊታይ ይችላል፤ ስለዚህ የጠፋውን ቀን የሚያስታውስ አንድ ሰው በታሪኩ ውስጥ ይኑር። ይህን ሁሉ በማብራሪያ ከመደርደር በንግግር ማሳየት ይሻላል፦

«የኔታ፣ ሥፍራው እኮ ሳስቷል፤ ጣቴ በወዲያ በኩል ይታያል።»
«ታዲያ ምን አስቸኮለህ? ያንን ቀን ከእኔ በፊት የፋቀው ማን እንደሆነ ሳትጠይቅ ስለቱን አነሣህ።»

ቀይ ቀለም ለቅዱሳን ስምና ለአርእስት የሚውል ስለሆነ፣ የቅዱስ ስም በቀይ የተጻፈበት ቀን አይፋቅም የሚል ሕግ ማውጣት ተገቢ ነው። በሚካኤል በዓል ኅዳር 12 ወይም በጽዮን ማርያም በዓል ኅዳር 21 ላይ የደረሰ መከራ እንዳለ ይቀራል ማለት ነው፤ ገጸ ባሕርይውም በዙሪያው ያሉትን ቀኖች እየፋቀ ለመድረስ ይታገላል።

አስማቱ የሚያስከፍለው ዋጋ ከባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም በዓላትና አጽዋማት ከሚወጡበት የቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት፣ ሊወሰድ ይችላል። አበቅቴና መጥቅዕ የተባሉት የስሌቱ ሁለት ቁጥሮች ተደምረው ሁልጊዜ 30 ይሆናሉ፤ አንዱ ሲያድግ ሌላው ያንሳል። በዚሁ ስሌት ከአንዱ ሰው የተፋቀው ቀን በሌላው ሰው ዕድሜ ላይ ይጨመር፤ ማን ላይ እንደሚጨመር ግን የፋቀው ሰው የሚያውቀው ዘግይቶ ይሁን።

ክታብ፣ ማለትም ለጥበቃ የሚያዝ የብራና ጥቅልል፣ ብዙ ጊዜ በባለቤቱ ቁመት ልክ ተዘጋጅቶ በክርስትና ስሙ እንደሚጻፍለት የታወቀ ነው። በልጅነቱ የተጻፈለት ሰው ሲያድግ ብራናው ያጥረዋል፤ ከብራናው ያለፈው የቁመቱ ክፍል ለጊዜ የተጋለጠ ቢሆን አስፈሪ ትዕይንት ይወጣዋል።

ስለ ሰውና ስለ ቦታ አጭር ማሳሰቢያ አለኝ። የጎጃምን ደብተራ እንደ ተራ ጠንቋይ መሣል ያረጀ ልማድ ነው፤ ቅኔውን፣ ዜማውንና አቋቋሙን የማያውቅ ደራሲ ባይነካው ይመረጣል። ዋሸራን፣ ዲማ ጊዮርጊስን ወይም በጣና ደሴቶች ያሉትን ገዳማት መንገደኛው እንዲያልፍባቸው ማድረግ ይቻላል፤ ብራናው የሚገኝበት ደብር ግን የፈጠራ ስም ይኑረው።

ብራናው የሚሠራበትን ቀን ማጥበብም ያስፈልጋል፤ በማንኛውም ቀን የሚሠራ አስማት ታሪኩን ያላላዋል። ጳጉሜን 6 የምትገኘው በአራት ዓመት አንድ ጊዜ፣ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ብቻ ስለሆነ ለዚህ ትመቻለች። በ2011 እና በ2015 ነበረች፤ ቀጣይዋ በ2019 ናት። ረቂቁ ከማለቁ በፊት ብራናው የተነካባቸው ትዕይንቶች በሙሉ ከነዓመታቸው በአንድ ወረቀት ላይ ይስፈሩና ይመሳከሩ፤ በ2017 ስለት ያነሣ ገጸ ባሕርይ ካለ፣ ወይ ትዕይንቱ ይዛወር ወይ ሙከራው ሳይሠራለት ይቅር።