ስለ ኢራን ስትጽፉ እነዚህን ስህተቶች ተዉ

ሥራዬ የውጭ ጉዳይ ጽሑፎችን ማረም ነው። ስለ ኢራን የሚደርሰኝ ጽሑፍ አብዛኛው የወጣቶች ነው፤ ትጋታቸውን እወድላቸዋለሁ። ግን ከአንዱ ወደ ሌላው የሚጋባ አንድ ችግር አለባቸው። አገሪቱን ለሁለት ይከፍሏታል። በአንድ ወገን ወግ፣ ጥምጥምና መስጊድ፤ በሌላ ወገን ዘመናዊነት፣ ክራቫትና ዩኒቨርሲቲ። ከዚያ የመቶ ዓመት ታሪክ በሁለት ጆንያ ይከተታል። ኢራን እንደዚያ አይደለችም። እየደጋገምኩ የማርማቸውን ስህተቶች እዚህ ልጻፋቸው። ዓመተ ምሕረቱም፣ ወሩም፣ ቀኑም ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ያ ፎቶ

ታውቁታላችሁ። በ1970ዎቹ ቴህራን ውስጥ አጭር ቀሚስ የለበሱ ወጣት ሴቶች፣ ከጎኑ ደግሞ ጥቁር ቻዶር የተከናነቡ ሴቶች። ከሥሩ «ያኔና ዛሬ» ይላል። በቅርቡ አንድ ጎበዝ ልጅ ሙሉ ጽሑፉን በዚህ ፎቶ ላይ ገንብቶ ላከልኝ። አማርኛው ያምራል፤ ግን መለስኩለት።

ፎቶው ውሸት አይደለም። ሴቶቹ ነበሩ። ችግሩ ፎቶው ውስጥ የሌሉት ናቸው። በ1976ቱ ቆጠራ ከኢራን ሕዝብ ከግማሽ በላይ የገጠር ነዋሪ ነበር። ማንበብና መጻፍ የሚችሉት ሴቶች ከመቶ 35 ገደማ ብቻ ነበሩ። ዛሬ ከመቶ 80 በላይ ናቸው። በ1980ዎቹ መጀመሪያ አንዲት ሴት በአማካይ ከ6 በላይ ልጆች ትወልድ ነበር። በ2000 አካባቢ ቁጥሩ ወደ 2 ወርዷል። ይህን የቤተሰብ ምጣኔ የመራው ሻሁ፣ በ1979ኙ አብዮት የወደቁት ንጉሥ፣ ሳይሆኑ ከእርሳቸው በኋላ የመጣው የሃይማኖት መሪዎቹ መንግሥት ነው። በየገጠሩ ጤና ኬላ ተከፈተ፤ ሊጋቡ የተዘጋጁ ጥንዶች ስለ ወሊድ መቆጣጠሪያ እንዲማሩ ተደረገ። ሴት ልጆቻቸውን «ከተማ ሄደው ይበላሹብናል» ብለው ቤት ያስቀሩ የነበሩ ሃይማኖተኛ አባቶችም ዩኒቨርሲቲ መላክ ጀመሩ። በ1990ዎቹ መጨረሻ ዩኒቨርሲቲ ከሚገቡት ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ሴቶች ነበሩ።

ልጁ ይህን ስነግረው «ታዲያ አብዮቱ ሴቶችን ነፃ አወጣ ልበል?» አለኝ። በጭራሽ! ያው መንግሥት ሥልጣን በያዘ በሳምንታት ውስጥ ለሴቶች በፍቺና በልጅ አሳዳጊነት መብት የሰጠውን የ1967ቱን የቤተሰብ ጥበቃ ሕግ አገደ። የሴት ልጅ የጋብቻ ዕድሜ ወደ 9 ዓመት ወረደ፤ ወደ 13 ከፍ ያለው በ2002 ነው። በ1983 ደግሞ ፀጉሯን ሳትሸፍን የወጣች ሴት እስከ 74 ጅራፍ የሚያስገርፍ ሕግ ወጣ። ሴቶቹም ዝም አላሉም። አብዮቱ ገና ወር ሳይሞላው፣ መጋቢት 8 ቀን 1979፣ የቴህራንን ጎዳናዎች በተቃውሞ ሞልተዋቸው ነበር። የተማረችውም ሴት፣ የተገረፈችውም ሴት የአንድ አገር ሰዎች ናቸው። አንዳንዴም አንድ ሰው ናቸው። ሁለቱንም ጻፉ።

የፎቶው ወዳጆች ሁልጊዜ የሚዘሉት ሌላ ዓመት ደግሞ አለ፤ 1936። የሻሁ አባት ሬዛ ሻህ በአዋጅ ሴቶችን ቻዶር አስወለቁ። ፖሊስ መንገድ ላይ ከሴቶች ራስ ላይ ይገፍፍ ነበር። ከዚያ በኋላ ብዙ ሴቶች ከቤት መውጣት አቆሙ። ያኔ በየቤቱ መታጠቢያ አልነበረም፤ ገላ ለመታጠብ ወደ ሕዝብ መታጠቢያ መሄድ ግድ ነበር። ብዙዎቹ እሱንም ተዉ፣ ወይም በጨለማ ሹልክ ብለው ደርሰው ይመለሱ ነበር። ይህ ሬዛ ሻህ በ1941 ከዙፋን እስኪወርዱ ቀጠለ። ስለዚህ አንዴ በፖሊስ የተገፈፈ፣ አንዴ በፖሊስ የተጫነ ጨርቅ ነው። «ዘመናዊው መንግሥት ፈቀደ፣ ሃይማኖተኛው ከለከለ» ብላችሁ አትለፉት።

ሰውን በልብሱ መፈረጅ

በ1906ቱ የሕገ መንግሥት አብዮት ንጉሡን ፓርላማ ካስፈቀዱት መካከል ቤህባሃኒና ታባታባኢ የሚባሉ ትልልቅ የሃይማኖት ሊቃውንት ነበሩ። ሼክ ፋዝሎላህ ኑሪ ደግሞ ሕገ መንግሥቱን ተቃውመው በ1909 ተሰቀሉ። ሁሉም ባለ ጥምጥም ናቸው።

ቀረብ ያለ ምሳሌ ከፈለጋችሁ፣ በ1997 ለውጥ ፈላጊው ወጣትና ሴቱ ሆ ብሎ የመረጣቸው መሐመድ ኻታሚ የሃይማኖት ሰው ናቸው። በ2005 የተመረጡት አክራሪው ማሕሙድ አሕመዲነጃድ መሐንዲስ ናቸው። እኚሁ አክራሪ በ2006 ሴቶች ስታዲየም ገብተው ኳስ እንዲያዩ ፈቀዱ። ታላላቅ አያቶላዎች ተቃወሙ፣ ያኔ የአገሪቱ የበላይ መሪ የነበሩት አሊ ኻሜኒም ነገሩን አስቀሩት። ይህን ታሪክ በሁለቱ ጆንያ ክተቱት እስኪ።

«ወደ መካከለኛው ዘመን የመለሰ ሥርዓት»

ይህን ሐረግ ባየሁ ቁጥር እሰርዘዋለሁ። የእስልምና ሊቅ አገር ይግዛ የሚለውን ትምህርት የ1979ኙ አብዮት መሪ አያቶላህ ኾሜይኒ ያስተማሩት በ1970፣ ስደት ላይ ሳሉ፣ ኢራቅ ናጃፍ ውስጥ ነው። ከዚያ በፊት አብዛኞቹ የሺዓ ሊቃውንት ከዙፋን ራቅ ማለትን ይመርጡ ነበር። እዚያው ናጃፍ የነበሩት ታላቁ አያቶላህ ኾኢ ትምህርቱን አልተቀበሉትም። የ1979ኙ ሕገ መንግሥትም ፕሬዚዳንት አለው፣ ፓርላማ አለው፣ ሴቶችም ይመርጣሉ። ጥንት እንዲህ ያለ ነገር የት ነበር? ከላዩ ነው መሪውና የጠባቂዎች ምክር ቤት የተቀመጡት። ምክር ቤቱ 12 አባላት አሉት፤ ስድስቱን ሊቃውንት በቀጥታ የሚሾመው መሪው ነው። ማን እንደሚወዳደር የሚያጣሩት እነሱ ናቸው።

በጣም የሚገርመኝ ግን ሌላ ነው። በጥር 1988 ኾሜይኒ ራሳቸው፣ መንግሥት የእስልምና ጥቅም ነው ካለ ሶላትን፣ ጾምንና ሐጅን እንኳ ማስቆም ይችላል ብለው ጻፉ። በ1989 እርሳቸው ሲሞቱ ደግሞ፣ መሪው ከታላላቆቹ ሊቃውንት አንዱ ይሁን የሚለው የሕገ መንግሥቱ መስፈርት ተነሣ። ኻሜኒ ያን ማዕረግ አልነበራቸውማ! ወግ አስከባሪ ነኝ የሚለው መንግሥት ወጉ ሲያስቸግረው ወጉን ይቀይራል። ስለ ኢራን ፖለቲካ ሌላው ቢቀር ይህን ያዙልኝ።

(ኾሜይኒና ኻሜኒ ሁለት ሰዎች ናቸው። እባካችሁ።)

ሻሁን ከጃንሆይ ጋር ማመሳሰል

ይህ የእኛ ሰፈር ስህተት ነው። የሚስብ ነገር አለው። ጃንሆይ በጥቅምት 1971 በጥንታዊቷ ፐርሴፖሊስ በተደረገው የፋርስ ዙፋን የ2,500 ዓመት ድግስ ላይ የሻሁ እንግዳ ነበሩ። ሁለቱም ዙፋኖች በአምስት ዓመት ልዩነት ወደቁ። ግን መሬቱን ተመልከቱ። እኛ አገር «መሬት ላራሹ» እየተባለ ንጉሡ ሳይመልሱት ቀርተው፣ ደርግ በ1975 አወጀው። ሻሁ ግን በ1962 ራሳቸው የባላባቱን መሬት ማከፋፈል ጀምረው ነበር። በቀጣዩ ዓመት ለሴቶችም የመምረጥ መብት ሰጡ። ሻሁን የጣላቸው አልለወጥም ማለት ሳይሆን ብቻዬን ልለውጥ ማለት ነው። በ1975 ፓርቲዎችን ሁሉ ዘግተው አንድ ብቻ አስቀሩ። መሬት ያልደረሰው ወይም ትንሽ የደረሰው ገበሬ ወደ ደቡብ ቴህራን ጎረፈ። እዚያ የተቀበለው ፓርቲ አልነበረም፣ ማኅበርም አልነበረም። መስጊድ ነበር።

አጫጭሮቹ

ኢራናውያን ዐረቦች አይደሉም።

ባዛሩን አትርሱ። በ1890 ንጉሡ የትምባሆ ንግዱን ለእንግሊዛዊ ሲሰጡ ሱቁን ዘግቶ ያስመለሰው ነጋዴውና ሊቃውንቱ አብረው ነው። በ1979ም ለአብዮቱ ገንዘብ ያዋጣው ይኸው ነጋዴ ነው።

ቴህራን ብቻዋን ኢራን አይደለችም። የ2022ቱ ተቃውሞ የተቀጣጠለው ሳቄዝ በምትባል የኩርዶች ከተማ፣ በሂጃቧ ምክንያት በፖሊስ ተይዛ በሞተችው በማህሳ አሚኒ ቀብር ላይ ነው። «ሴት፣ ሕይወት፣ ነፃነት» የሚለው መፈክርም መጀመሪያ በኩርድኛ ነበር።

ኖውሩዝን «የእስልምና ተቃዋሚዎች በዓል» አትበሉት። ከእስልምና በፊት የነበረ አዲስ ዓመት ነው፤ ያ እውነት ነው። ግን የበዓሉን ማዕድ ቀርባችሁ እዩት። የበቀለ ስንዴ፣ ፖም፣ ነጭ ሽንኩርትና ኮምጣጤ ይደረደራል። ከመሐላቸው በብዙ ቤት ቁርአን ይቀመጣል፤ በሌላው ቤት የሃፌዝ ግጥም፤ ሁለቱ ጎን ለጎን የሚቀመጡበትም ቤት አለ።

የመጨረሻው የዘመን አቆጣጠር ነው። የራሱ አቆጣጠር ያለው አገር ሰው ሆኖ እዚህ ላይ የሚሳሳት ያሳዝነኛል። ኢራናውያን የሂጅራን ዓመት የሚቆጥሩት በፀሐይ ነው፤ ዓመታቸው የሚጀምረው በመጋቢት፣ ቀንና ሌሊት እኩል ሲሆኑ ነው። ሻሁ በ1976 ይህንንም ነክተውት ነበር። ከቂሮስ ዘመን እንዲቆጠር አዝዘው 1355 ዓመት በአንድ ጊዜ 2535 ሆነ። ሃይማኖተኛው ሕዝብ ክፉኛ ተቆጣ፤ በ1978 ተሻረ። አብዮቱ ያሸነፈበት ቀን ባህማን 22 ቀን 1357 ነው፤ የካቲት 11 ቀን 1979 ማለት ነው። 1357ን እንደ ዐረቦቹ በጨረቃ ከቆጠራችሁት 1938 ላይ ትወድቃላችሁ፤ ያኔ ደግሞ ዙፋኑ ላይ ያሉት ገና ሬዛ ሻህ ናቸው።