ሱፐር ኒንቴንዶ ሚኒ ላይ ተጨማሪ ጌም አጫጫን፤ ከገመዱ ጀምሮ

በዘመድ ሻንጣ ከዓረብ አገር ወይም ከአሜሪካ መጥታ ደሴ፣ ኮምቦልቻ ወይም ወልዲያ ቤታችሁ የገባች ሱፐር ኒንቴንዶ ሚኒ የምትባል ትንሽ የጌም ማጫወቻ ካለች፣ አብረዋት የመጡትን ሃያ አንድ ጌሞች ጨርሳችሁ «በቃ ይቺው ናት» ብላችሁ ቁም ሳጥን ላይ አትስቀሏት። ገና ብዙ ቦታ አላት። ዕቃዋ በፈረንጆቹ 2017 መስከረም ላይ ስትወጣ ውስጧ 512 ሜጋባይት ሚሞሪ ተደርጎላታል፤ የራሷ ሲስተምና አብረዋት የመጡት ጌሞች ከያዙት የተረፈው ቦታ ቀላል አይደለም። የድሮዋ ትልቋ ሱፐር ኒንቴንዶ ካርትሪጅ፣ ማለትም ጌሙ ያለበት የሚሰካ ካሴት፣ ደግሞ አብዛኛው ከ4 ሜጋባይት አይበልጥም። ግማሽ ሜጋባይት ብቻ የሆኑም ሞልተዋል። ስለዚህ ቦታ አይቸግራችሁም። የሚያስቸግረው ሌላ ነገር ነው፤ ገመድ፣ መብራት፣ እና ምትኬ ሳይያዙ መቸኮል።

ከሷ አንድ ዓመት ቀድማ በ2016 የወጣችው፣ 30 ጌም ይዛ የምትመጣው ኔስ ሚኒም (ከሱፐር ኒንቴንዶ በፊት የነበረችው የኔስ ማጫወቻ ትንሽ ቅጂ) ካለቻችሁ አካሄዱ ያው ነው። የሁለቱም ሆድ ዕቃ አንድ ዓይነት ነው ማለት ይቻላል።

መጀመሪያ ዕቃው እሱ ነው ወይ?

ይሄን ሳታረጋግጡ ወደ ላፕቶፕ አትሂዱ። ገበያ ላይ ይህችኑ የሚመስል፣ ካርቶኑ ላይ «620 ጌም» የሚል፣ በጣም ርካሽ ማጫወቻ አለ። ከኋላው ቢጫ፣ ነጭና ቀይ ገመድ የሚሰካበት ከሆነ ይህ መመሪያ ለሱ አይሠራም፤ ጌሞቹ ቺፑ ላይ ተጽፈው ያለቁ ናቸው፣ መጨመር አይቻልም። ኤችዲኤምአይ ያላቸው አስመሳዮችም አሉ። ስለዚህ ገልብጡና ሆዷን እዩ። ኦሪጅናሏ ላይ የኒንቴንዶ ስም እና «ሲኤልቪ» በሚሉ ሦስት የእንግሊዝኛ ፊደላት የሚጀምር የሞዴል ቁጥር አለ። ከኋላ ደግሞ ሁለት ቀዳዳ ብቻ ነው ያላት፤ አንዱ ኤችዲኤምአይ፣ ሌላው ማይክሮ ዩኤስቢ፣ ማለትም የድሮ አንድሮይድ ስልክ ቻርጀር ቀዳዳ።

ቲቪ ላይ ቀጥታ የሚሰካው፣ ሚሞሪ ካርድ ያለው የጌም ስቲክ ሌላ ዕቃ ነው። የሱ አሠራር ከዚህ ጋር አይገናኝም።

ገመዱ

እዚህ ጋ ረጋ በሉ፣ ምክንያቱም አብዛኛው ሰው ተስፋ የሚቆርጠው እዚህ ነው። ከሱቅ የምንገዛው ርካሽ የቻርጀር ገመድ ብዙ ጊዜ ኃይል ብቻ ነው የሚያሳልፈው፣ ዳታ የሚያመላልሱት ቀጫጭን ሽቦዎች ውስጡ የሉም። ማጫወቻዋ በሱ ትበራለች፣ ቲቪ ላይ ትሠራለች፣ ላፕቶፑ ግን ጭራሽ አያያትም። ሰውየው ፕሮግራሙ ተበላሽቷል ብሎ ሲያጠፋና ሲጭን ይውላል።

መፈተኛው ቀላል ነው። ያንን ገመድ የድሮ ስልክ ላይ ሰክታችሁ ከላፕቶፕ ጋር አገናኙት። ስልኩ ፋይል ላስተላልፍ ወይ ብሎ ከጠየቀና ፎቶዎቹ ላፕቶፑ ላይ ከታዩ ገመዱ ዳታ ያሳልፋል። ቻርጅ ብቻ ካደረገ ወደ ጎን በሉት። ደሴ ፒያሳ አካባቢ ገመድ ስትገዙም ባለሱቁን «ዳታ የሚያሳልፍ ስጠኝ» በሉትና ስልክ ላይ እዚያው አስሞክሩት፤ ማንም አይቆጣም። ከማጫወቻዋ ጋር በካርቶኑ የመጣው ገመድ ካልጠፋ ግን ከሁሉም የተሻለው እሱ ነው።

መብራት

ይሄንን ሥራ ከተቻለ በላፕቶፕ ሥሩ። ማጫወቻዋ በዚህ ጊዜ ኃይል የምታገኘው በዚያው ገመድ ከኮምፒውተሩ ነው። ላፕቶፑ ባትሪው ሙሉ ከሆነ በመሃል መብራት እልም ቢል እንኳ ሥራው አይቋረጥም። በዴስክቶፕ ከሆነና ኃይል የሚይዝ ዩፒኤስ ከሌለው ግን እኔ አልመክርም፤ ሲስተሙ እየተጻፈ መብራት ቢሄድ ማጫወቻዋ አልነሳ ልትል ትችላለች። ክረምት ላይ ደሴ ዝናብና መብረቅ ሲበዛ መብራቱ እንዴት እንደሚሆን የምታውቁት ነው። ባትሪው የደከመ ላፕቶፕ ያላችሁ፣ ባትሪው ደህና የሆነ ላፕቶፕ ከጓደኛ ተዋሱ።

ፕሮግራሙን መጫን

የሚያስፈልገው ፕሮግራም ሃክቺ2 ሲኢ ይባላል። ነፃ ነው፣ የሚሠራው ዊንዶውስ ላይ ነው። የሚያዘጋጁት ቲም ሺንካንሰን የሚባሉ ፈቃደኛ ሠራተኞች ናቸው፣ ጊትሃብ ከሚባለው የፕሮግራም ማከፋፈያ ድረ ገጽ፣ ከነሱ ገጽ ላይ አውርዱት። ሌላ ቦታ ያገኛችሁትን አትንኩ። ኢንተርኔት ደህና ባለበት ሰዓት፣ ወይም ወሎ ዩኒቨርሲቲ የሚማር ልጅ ካላችሁ እሱን ልካችሁ፣ ሁሉንም በአንዴ አውርዳችሁ ማስቀመጡ ይሻላል።

ስትከፍቱት የትኛዋ ሚኒ እንዳለቻችሁ ይጠይቃችኋል። የአሜሪካ፣ የአውሮፓ ወይም የጃፓን መሆኗን ለይታችሁ ምረጡ። ቀጥሎ ከላይ ካለው «ከርነል» (የማጫወቻዋ ሲስተም እምብርት ማለት ነው) ከሚለው ሜኑ ውስጥ «ኢንስቶል» የሚለውን ስትጫኑ እየጠበቅኩ ነው የሚል መስኮት ይመጣል። አሁን እጃችሁን በጥንቃቄ፤ ማጫወቻዋ እንደጠፋች ገመዱን ሰኩ። ሪሴት የሚለውን ተጭናችሁ ያዙ። ሪሴቱን ሳትለቁ የፓወሩን ማብሪያ ወደ ላይ ግፉ። ጥቂት ሰከንድ ጠብቁ። ላፕቶፑ ካገኛት መስኮቱ በራሱ ጊዜ ይዘጋና ሥራው ይጀምራል። ድራይቨር ልጫን ወይ ካላችሁ እሺ በሉት።

በዚህ ሰዓት የማጫወቻዋ ትንሿ መብራት አትበራም። ቲቪ ላይ ብትሰኩም ጥቁር ነው። አብሽሩ፣ አልሞተችም። እንዲያውም ትክክል መሆናችሁን የምታውቁት መብራቷ ጠፍታ ስታዩ ነው። ከበራች ሪሴቱን ቶሎ ለቃችሁታል ማለት ነው፤ አጥፍታችሁ እንደገና ሞክሩ።

ጌም ከመጨመራችሁ በፊት ምትኬ ያዙ። ፕሮግራሙ የማጫወቻዋን ኦሪጅናል ከርነል ወደ ላፕቶፕ ገልብጦ የሚያስቀምጥበት አማራጭ እዚያው ከርነል ሜኑ ውስጥ አለ። የወጣውን ፋይል ፍላሽ ላይም ቅዱ፣ ቴሌግራም ላይም ለራሳችሁ ላኩት። ልጆቹ እስካሁን የተጫወቱበትንም አትርሱ፤ «ቱልስ» ውስጥ «ሴቭ ስቴት ማናጀር» የሚባል አለ፣ የተቀመጡ ጨዋታዎችን ያወጣላችኋል። አንድ ልጅ ስንት ምሽት ታግሎ የደረሰበትን ደረጃ ማጥፋት ትልቅ በደል ነው።

ጌሙን መጨመር

ከዚህ በኋላ ሪሴት መያዝ የለም። ማጫወቻዋን ከላፕቶፑ ጋር እንደተገናኘች እንደወትሮው ማብራት ብቻ ነው። ፕሮግራሙ ሲያያት ምልክቱ አረንጓዴ ይሆናል።

ጌም የሚጨመርበት ቁልፍ ከታች አለ። ተጭናችሁ ፋይሎቹን ምረጡ። የሱፐር ኒንቴንዶ ፋይሎች መጨረሻቸው «ኤስኤፍሲ» ወይም «ኤስኤምሲ» ነው። መጨረሻው «ኢኤክስኢ» የሆነ «ጌም» ካጋጠማችሁ ቫይረስ ነው ብላችሁ አጥፉት። ሌላው፣ አንድ ጌም የአሜሪካና የአውሮፓ ቅጂ ካለው የአሜሪካውን ውሰዱ። የአውሮፓው የተሠራው በሰከንድ 50 ምስል ለሚያሳየው ለዚያን ጊዜው የአውሮፓ ቲቪ ነው፣ ማጫወቻዋ ግን በ60 ነው የምታወጣው፤ ልዩነቱ ፍጥነቱ ላይ ይታወቃል።

ፋይሉ ከየት ይምጣ? የድሮ ካርትሪጅ ያለው ሰው በመገልበጫ መሣሪያ የራሱን ማውጣት ይችላል። ከዚያ ውጭ ሠሪዎቹ ራሳቸው በነፃ የለቀቋቸው አዳዲስ ጌሞች አሉ፤ ኖቫ ዘ ስኩዊረል ለምሳሌ ለኔስ የተሠራ ነፃ ጌም ነው። በፈረንጆቹ 2019 የወጣው ማይክሮ ሜጅስ ደግሞ በትንሽ ዋጋ ይሸጣል፣ መጠኑ 40 ኪሎባይት ብቻ ሆኖ እስከ አራት ሰው ያጫውታል። እንዲህ ያለ ሥራ ሳይ ደስ ይለኛል፣ ለሠሪዎቹ ቢከፈላቸው ይገባቸዋል። እኛም አገር የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን ይጠብቃል። በተለይ ጌም ቤት ያላችሁ፣ ከኢንተርኔት ባወረዳችሁት የሰው ጌም ሒሳብ አትቀበሉ።

እያንዳንዱን ጌም ስትነኩ በቀኝ በኩል ስሙ፣ የተጫዋቹ ብዛትና የሽፋን ሥዕሉ ይመጣል። ሥዕሉን ሳታስገቡ አትለፉ። እንግሊዝኛ ገና የማያነብ ልጅ ጌሙን የሚለየው በሥዕሉ ነው፤ ሽፋን የሌለው ጌም ሜኑው ላይ ተደብቆ ይቀራል። የተጫዋቹንም ብዛት በትክክል ሙሉት፣ እንግዳ ሲመጣ ሁለት ሰው የሚያጫውተውን ለመምረጥ ይረዳል።

ከዚያ ከታች «ሲንክሮናይዝ» የሚለውን ተጫኑ። እያስተላለፈ ሳለ ገመዱን አትነቅንቁ። ሲጨርስ ማጫወቻዋን አጥፉና ቲቪ ላይ ሰኩ።

ስለ ብዛቱ የልቤን ልናገር። የሚበቃ ቦታ ስላለ ብቻ መቶ ሁለት መቶ አትክተቱ። አንደኛ፣ አንድ ገጽ ላይ ብዙ ጌም ሲደረደር ሜኑው ይጨናነቃል፣ ጭራሽ አልነሳም ሊልም ይችላል፤ ፕሮግራሙ ራሱ ሠላሳ ሠላሳ አድርጎ በፎልደር የሚከፍለው ለዚህ ነው። ያንን ቁጥር አትጨምሩ። ሁለተኛው ይበልጥ ያሳስበኛል። ልጅ መቶ ጌም ሲያገኝ አንዱንም አይዘልቅበትም፣ ሁለት ደቂቃ ነክቶ ወደ ሌላው ያልፋል። አሥር አሥራ አምስት ጥሩ ጌም ጨምሩ። ሁለት ሰው አብሮ የሚጫወትባቸውን አስቀድሙ። የኛ ቤት ለገናም ለአረፋም የጎረቤት ልጅ የሚሞላበት ነው፤ ሁለት ጆይስቲክ ለስምንት ልጅ ተራ በተራ ሲዞር፣ ቶሎ የሚያልቅ እሽቅድምድምና ኳስ ይጠቅማል። ረጅም የእንግሊዝኛ ንግግር ያለባቸው የጀብዱ ጌሞች ለታላላቆቹ ይሁኑ።

የኔስ ወይም የሌላው የድሮ ማጫወቻ የሴጋ ጌም ማስገባት ለፈለገ፣ ሬትሮአርች የሚባል ተጨማሪ ፕሮግራም አለ። ሃክቺ ውስጥ «ሞድ ሃብ» ከሚለው ሬትሮአርችን ትጭናላችሁ፣ ከዚያ የየማጫወቻውን ኮር፣ ማለትም የዚያን ማጫወቻ ጌም የሚያስነሳውን ክፍል፤ ለሴጋ ለምሳሌ ጀነሲስ ፕላስ ጂኤክስ። የሚወርደው ከኢንተርኔት ነው። አንዳንድ ልዩ ቺፕ የነበራቸው የሱፐር ኒንቴንዶ ጌሞችም በማጫወቻዋ በራሷ ሲስተም እምቢ ካሉ በሬትሮአርች ሞክሯቸው። ለጀማሪ ግን መጀመሪያ ተራዎቹን ጨምሮ መልመዱ ይበቃል።

እምቢ ስትል

ላፕቶፑ ካላያት መጀመሪያ ገመዱን ቀይሩ፣ ቀጥሎ የላፕቶፑን የዩኤስቢ ቀዳዳ ቀይሩ፣ ማከፋፈያ ካለ አውጡና ቀጥታ ሰኩ። ጌሙ ተከፍቶ ወዲያው ወደ ሜኑ ከተመለሰ ችግሩ ፋይሉ ነው፣ ሌላ ቅጂ ፈልጉ። ቲቪ ላይ በመሃል ድርግም የምትል ከሆነ ከቲቪው ዩኤስቢ የምታገኘው ኃይል አንሷት ይሆናል፤ 5 ቮልት 1 አምፒር የሚሰጥ የስልክ ቻርጀር ይበቃታል።

ጨዋታ ላይ ሆኖ ወደ ሜኑ ለመመለስ ከዚህ በኋላ ተነስቶ ሪሴት መጫን ግድ አይደለም። ጆይስቲኩ ላይ የታች ቀስትንና ሴሌክትን አንድ ላይ መያዝ ነው። ማጫወቻዋ ያለንበትን ቦታ ይዛ ትጠብቃለች፤ እንዲቆይ ከፈለጋችሁ ግን ለያንዳንዱ ጌም ከተሰጡት አራት ቦታዎች ወደ አንዱ አውርዱት፣ አለበለዚያ ሌላው ልጅ ሲገባ ይጠፋል። ይህንን ለልጆቹ አሳዩአቸው፣ ብዙ ጠብ ያስቀራል።

አንድ ቀን ዕቃዋን ለሌላ ሰው መስጠት ወይም መሸጥ ከፈለጋችሁ፣ እዚያው ከርነል ሜኑ ውስጥ «አንኢንስቶል» የሚል አለ። የልጆቹን ሴቭ መጀመሪያ አውጡ፣ ከዚያ አንኢንስቶል አድርጉ፤ ሃያ አንዱን ጌም ብቻ ይዛ እንደመጣችው ትመለሳለች።